አራት ዋንጫ የበላው ቡድን የት ገባ?

ዛሬ ከፖለቲካውም ከኑሮ ውድነቱም ትንሽ ፈቀቅ ብለን ስለ ኳስ እናውጋ፡፡ ኳስ ስንል ግን የአርሴናልና የማንቸስተርን ንትርክ አይደለም፤ እሱን ለታክሲው ወያላና ለጸጉር ቤቱ ትተነዋል፡፡ የዛሬው ወሬያችን ስለ ሞተ ቡድን ነው፡፡

ነገሩ የተጀመረው በእንቆቅልሽ ነው፡፡ የዚህ ገጽ ጸሐፊዎች እንደ ልማዳችን ተሰባስበን ሳለ ከመካከላችን አንዱ ማኪያቶውን እያማሰለ "እስቲ አንድ ነገር ልጠይቃችሁ" አለን፡፡ "አራት ዓመት በተከታታይ ዋንጫ በልቶ፣ ከአራተኛው ዋንጫ በኋላ ሁለት ዓመት ብቻ ኖሮ የሞተ የኒው ዮርክ የኳስ ቡድን ማን ነው?" አንዳችን ፈጠን ብሎ "ኮስሞስ!" አለ፡፡ ጠያቂው ራሱን ነቀነቀ፡፡ ሌላ ስም የሚጠራ ጠፋ፡፡ እኛ፣ ኳስ እናውቃለን ባዮቹ፣ አፋችንን ያዝን፡፡

መልሱ ኒው ዮርክ አሮውስ ነው፡፡ "አሮውስ" ማለት ፍላጾች ማለት ነው፡፡ ስሙ እንደሚለው ተወረወረ፣ ኢላማውን መታ፣ ከዚያ ወደቀ፡፡ እኛም ስሙን ባለማወቃችን ትንሽ አፍረን ታሪኩን ስንከታተል ሰነበትን፤ ያገኘነውን እነሆ ብለናል፡፡ (ዓመቶቹ ሁሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው፤ በኋላ ሂሳቡ እንዳይምታታባችሁ፡፡)

ጣሪያ ያለው ሜዳ

መጀመሪያ ጨዋታውን እንወቀው፡፡ አሮውስ ይጫወት የነበረው እኛ በቴሌቪዥን የምናየውን ኳስ አልነበረም፡፡ የቤት ውስጥ ኳስ ነው፡፡ ደግሞ ብራዚሎችና ስፔኖች የሚጫወቱት ፉትሳልም አይደለም፡፡ አሜሪካኖች የበረዶ ሆኪ የሚጫወቱበትን አዳራሽ ወሰዱ፣ በበረዶው ምትክ ሰው ሠራሽ ሣር አነጠፉበት፣ ዙሪያውን የከበበውን አጥር ግን እንዳለ ተዉት፡፡ እንግዲህ ኳሱ ወደ ውጭ አይወጣም፤ ግድግዳውን ገጭቶ ይመለሳል፡፡

የሰፈር ልጅ የነበረ ሰው ይህንን ለመረዳት አስተማሪ አያስፈልገውም፡፡ በጠባብ መንገድ ላይ ኳስ የተጫወተ ሁሉ ግድግዳን እንደ ጓደኛ ተጠቅሞበታል፡፡ ተከላካይ ሲመጣብህ ኳሷን ከጎረቤት አጥር ጋር አጋጭተህ በሌላው ወገን ትቀበላታለህ፡፡ ግድግዳው ቅብብል አይበላሽበትም፣ አይደክመውም፣ ደግሞ "ለምን አላቀበልከኝም" ብሎ አያኮርፍም፡፡ አሜሪካኖቹ ይህንኑ ነገር ትኬት ቆርጠው አሳዩት ብንል ብዙ አላጋነንንም፡፡

ሜዳው 61 ሜትር በ26 ሜትር ገደማ ነው፤ ከሙሉ የእግር ኳስ ሜዳ ሩቡን እንኳ አይሞላም፡፡ በአንድ ወገን በረኛውን ጨምሮ ስድስት ሰው ይሰለፋል፡፡ ጨዋታው አራት ጊዜ 15፣ በድምሩ 60 ደቂቃ ነው፡፡ ቅያሪ ገደብ የለውም፤ ጨዋታው ሳይቆም አንዱ በአጥሩ ይገባል፣ ሌላው ይወጣል፡፡ ጥፋት ያጠፋ ተጫዋች እንደ ሆኪው ለሁለት ደቂቃ ከሜዳ ወጥቶ ይቀመጣል፤ ቡድኑም በጎዶሎ ይጫወታል፡፡ በዚህ ሁሉ ላይ ኳሱ ቀይ ነበር፡፡ ውጤቱም 1 ለ 0 ሳይሆን 7 ለ 4፣ 6 ለ 5 ነው፡፡ "ኳስ ጎል የለውም፣ ያስተኛል" እያለ ለሚያማው የአሜሪካ ተመልካች ከዚህ የተሻለ መልስ አልነበረም፡፡

ሐሳቡ ከየት መጣ ካላችሁ፣ ከአንድ ምሽት ነው፡፡ የካቲት 11 ቀን 1974 ፊላዴልፊያ ውስጥ ስፔክትረም በሚባለው አዳራሽ የከተማው ቡድን ፊላዴልፊያ አተምስ ከሶቪየቱ የቀይ ጦር ቡድን ጋር በቤት ውስጥ ገጠመ፡፡ እንግዶቹ 6 ለ 3 አሸነፉ፡፡ ሽንፈቱን ግን ብዙ ሰው ከቁም ነገር አልቆጠረውም፡፡ ትልቁ ወሬ 11,790 ሰው ለዚህ ግጥሚያ ገንዘብ ከፍሎ መግባቱ ነበር፡፡ ያን ምሽት አዳራሹ ውስጥ ከነበሩት አንዱ ኤድ ቴፐር የሚባል ነጋዴ ነው፡፡ ቴፐር በኋላ ከጠበቃው ኧርል ፎርማን ጋር ሆኖ ሜጀር ኢንዶር ሶከር ሊግን መሠረተ፡፡

ፎርማን ለዚህ ዓይነት ነገር እንግዳ አልነበረም፡፡ ቀደም ሲል የአሜሪካ ቅርጫት ኳስ ማኅበር (ኤቢኤ) በሚባለው አማጺ ሊግ ውስጥ ቨርጂኒያ ስኳየርስ የተባለው ቡድን ባለቤት ነበር፡፡ ያ ሊግ ቀይ፣ ነጭና ሰማያዊ በሆነ ኳስ ይጫወት እንደነበር ስናስታውስ የፎርማን አዲስ ሊግ ኳስ ለምን ቀይ ሆነ ብለን ብዙ አንገረምም፡፡ ፎርማን በ1973 እጁ ላይ የነበረውን ታላቁን ጁሊየስ ኧርቪንግን ለኒው ዮርክ ኔትስ ሸጦታል፡፡ ኔትስ ያን ጊዜ የሚጫወተው በሎንግ አይላንድ፣ ናሳው ኮሊሲየም በሚባለው አዳራሽ ነበር፡፡ በ1977 ኔትስ ኮሊሲየሙን ለቅቆ ወደ ኒው ጀርሲ ሄደ፡፡ አዳራሹ ብዙ የክረምት ምሽቶች ባዶ ቀሩት፡፡ አያችሁ? አዲሱ ሊግ በአንድ በኩል የኳስ ፍቅር፣ በሌላ በኩል የባዶ ወንበር ጉዳይ ነበር፡፡ ይህንን ሁለተኛውን ነገር ያዙት፤ ወደ ኋላ እንመለስበታለን፡፡

የመጀመሪያው ምሽት

ታኅሣሥ 22 ቀን 1978 ሊጉ ተከፈተ፡፡ ስድስት ቡድኖች ነበሩ፤ ኒው ዮርክ፣ ሲንሲናቲ፣ ክሊቭላንድ፣ ሂዩስተን፣ ፊላዴልፊያና ፒትስበርግ፡፡ የመክፈቻው ጨዋታ በናሳው ኮሊሲየም በአሮውስና በሲንሲናቲ ኪድስ መካከል ሆነ፡፡ የሲንሲናቲ ቡድን ከባለድርሻዎቹ አንዱ የቤዝቦሉ ዝነኛ ፒት ሮዝ ነበርና ኳሷን መትቶ ያስጀመረው እሱ ነው፡፡ 10,386 ተመልካች ገባ፡፡ አሮውስ 7 ለ 2 አሸነፈ፡፡

ቡድኑ ከባዶ የተሰበሰበ አልነበረም፡፡ አብዛኛውን ተጫዋች ያገኘው በበጋ ከቤት ውጭ ከሚጫወተው ከሮቼስተር ላንሰርስ ነው፡፡ አሠልጣኙም ያው የላንሰርሱ፣ ዩጎዝላቪያዊው ዶን ፖፖቪች ነበር፡፡ በረኛው ሼፕ ሜሲንግ ነው፡፡ ሜሲንግ በሃርቫርድ ተምሮ፣ በ1972 የሙኒክ ኦሊምፒክ ለአሜሪካ ተሰልፎ፣ በ1977 ደግሞ ከፔሌ ጋር በኮስሞስ ዋንጫ የበላ ሰው ነው፡፡ በዚህ ጨዋታ ለበረኛ ሥራ አይጠፋም፤ ኳሱ ከፊት ሲመለስ ከኋላ ግድግዳ ተጋጭቶ ይመጣበታል፡፡ ሜሲንግ ግን በዚህ ትርምስ ውስጥ ደስ የሚለው ዓይነት ሰው ነበር፡፡ በቀጣዩ ዓመት ደግሞ ብራንኮ ሴጎታ የሚባል ገና ልጅ እግር አጥቂ መጣ፡፡ ዩጎዝላቪያ ተወልዶ ካናዳ ያደገ ነው፤ በ1986 ካናዳ ለመጀመሪያ ጊዜ የዓለም ዋንጫ ስትገባ ከቡድኑ ጋር ሜክሲኮ ሄዷል፡፡

እስካሁን የጠራናቸው ሁሉ ጥሩ ናቸው፡፡ አሮውስን አሮውስ ያደረገው ግን አንድ ሰው ነው፡፡ የኛንም ልብ ያሸፈተው የዚሁ ሰው ነገር ነው፡፡

የሸሸው አጥቂ

ስላቪሻ ዙንጉል ይባላል፡፡ አሜሪካኖች ስቲቭ አሉት፡፡ በ1954 የተወለደ፣ በአድሪያቲክ ባሕር ዳር በስፕሊት ከተማ ሐይዱክ በሚባለው ታላቅ ክለብ ስም ያወጣ አጥቂ ነበር፡፡ በ1974ና በ1975 ከሐይዱክ ጋር የዩጎዝላቪያን ሊግ በልቷል፡፡ ለሀገሩ ብሔራዊ ቡድን 14 ጊዜ ተሰልፏል፡፡ 24 ዓመቱ ነው፤ የአጥቂ ዕድሜ የሚያብብበት ጊዜ፡፡

ችግሩ ምን ነበር? በዚያ ዘመን አንድ የዩጎዝላቪያ ተጫዋች 28 ዓመት ሳይሞላው ወደ ውጭ ሀገር ክለብ መሄድ አይፈቀድለትም፡፡ በዚያ ላይ የወታደር ግዴታ አለ፡፡ ዙንጉል በ1978 መጨረሻ ለጉብኝት ብሎ ኒው ዮርክ ገባ፡፡ አልተመለሰም፡፡ ለአሮውስ ፈረመ፡፡

የዩጎዝላቪያ ፌዴሬሽን ተቆጣ፤ መልቀቂያ አልሰጥም አለ፡፡ ፊፋም ከፌዴሬሽኑ ጎን ቆመ፡፡ መልቀቂያ የሌለው ተጫዋች ደግሞ ፊፋ በሚያዝበት ሜዳ ሁሉ፣ ከቶኪዮ እስከ ቦነስ አይረስ፣ እግሩን ማሳረፍ አይችልም፡፡ ኮስሞስ ቢፈልገው አይችልም፡፡ አውሮፓ ቢፈልገው አይችልም፡፡ በዓለም ላይ ለዚህ ሰው የቀረ ሜዳ አንድ ብቻ ነበር፤ ያ ግድግዳ ያለው፣ ጣሪያ ያለው፣ ፊፋ "ይሄ ደግሞ ምን ዓይነት ኳስ ነው" ብሎ ያልመዘገበው ሜዳ፡፡

እዚህ ላይ ትንሽ ቆም እንበል፡፡ ብዙ ጊዜ የዚህን ቡድን ታሪክ የሚነግሩ ሰዎች "አሮውስ ዕድለኛ ነበር፣ ትልቅ አጥቂ አገኘ" ብለው ያልፋሉ፡፡ እኛ ነገሩ ከዚህ የከረረ ይመስለናል፡፡ አሮውስ ዙንጉልን ያገኘው በገንዘብ ተወዳድሮ አይደለም፡፡ ዙንጉልም የቤት ውስጥ ኳስን ወዶ አልመረጠውም፡፡ ሰውየውን እዚያ አዳራሽ ውስጥ የቆለፈበት እገዳው ነው፡፡ የሸሸ ሰው የገባበት ቤት ቤተ መንግሥት ሆነለት፤ በሩ ግን ከውጭ የተቆለፈ ነበር፡፡

በዚያ ቤት ውስጥ ምን ሠራ? የመጀመሪያው የውድድር ዘመን ሲጀመር የሌለ ስለነበር 18 ጨዋታ ብቻ ተጫወተ፤ 43 ጎል አገባ፡፡ በሁለተኛው ዓመት በ32 ጨዋታ 90፡፡ በሦስተኛው በ40 ጨዋታ 108፡፡ በአራተኛው ዓመት 103፡፡ በአራቱም ዓመት የሊጉ ኮከብ ተጫዋች ተብሎ ተመረጠ፡፡ ጋዜጦቹ "የቤት ውስጥ ሁሉ ጌታ" የሚል ስም አወጡለት፡፡ ቀልድ ነው፤ ግን ቀልዱ ውስጥ ያለው "የቤት ውስጥ" የምትለዋ ቃል ለሰውየው ቀልድ አልነበረችም፡፡

አራቱ ዋንጫዎች

ታሪኩን በአጭሩ እንሂድበት፡፡

በ1979 አሮውስ በፍጻሜው ፊላዴልፊያ ፊቨርን በሁለት ተከታታይ ጨዋታ ረታ፡፡ አንድ አልን፡፡

በ1980 በመደበኛው ውድድር 27 አሸንፎ 5 ተሸነፈ፤ ለፍጻሜ ከሂዩስተን ሰሚት ጋር በአንድ ጨዋታ ተገናኝቶ 7 ለ 4 አሸነፈ፡፡ ሂዩስተኖች ተመልካች አላገኙምና በዚያው ዓመት ንብረታቸውን ጠቅልለው ባልቲሞር ገቡ፡፡ ሁለት አልን፡፡

በ1981 ነገሩ ሁሉ አሮውስ አሮውስ ሸተተ፡፡ ከ40 ጨዋታ 35 አሸነፈ፡፡ ፍጻሜው ግን በሴንት ሉዊስ ከተማ ከባለሜዳው ከስቲመርስ ጋር ነበር፡፡ ሴንት ሉዊስ አሜሪካ ውስጥ ኳስን ከድሮ ጀምሮ የሚወድ ከተማ ነው፤ ከቡድኑም ብዙዎቹ የዚያው ከተማ ልጆች ነበሩ፡፡ አዳራሹ ጢም ብሎ የከተማው ሰው ለልጆቹ እየጮኸ አሮውስ 6 ለ 5 አሸነፈ፡፡ ሦስት፡፡

በ1982 እነዚሁ ሁለት ቡድኖች ደግመው ተገናኙ፡፡ በዚህ ጊዜ በአምስት ጨዋታ ነበር፤ አምስተኛው ድረስ ሄዶ አሮውስ 3 ለ 2 አሸነፈ፡፡ አራት፡፡ ሊጉ ከተወለደ ጀምሮ ዋንጫው ከሎንግ አይላንድ ወጥቶ አያውቅም ማለት ነው፡፡

በዚህ ጊዜ አንድ ሌላ ጉድ እንንገራችሁ፡፡ በዚያው ናሳው ኮሊሲየም፣ በዚያው ክረምት፣ አይላንደርስ የሚባለው የሆኪ ቡድን ይጫወታል፡፡ አይላንደርስ ከ1980 እስከ 1983 የስታንሊ ዋንጫን በተከታታይ አራት ጊዜ በላ፡፡ አሮውስ ከ1979 እስከ 1982 አራት፤ አይላንደርስ ከ1980 እስከ 1983 አራት፡፡ በአንድ ጣሪያ ሥር ሁለት ንጉሥ፡፡ አንድ ምሽት በረዶው ላይ፣ በሌላው ምሽት ሣር የተነጠፈበት እዚያው ወለል ላይ፡፡ አንደኛው ንጉሥ ስሙ ዛሬም ድረስ ይጠራል፤ የሌላውን ግን እኛ የኳስ ወዳጆች ነን የምንለው እንኳ አናውቀውም ነበር፡፡

ለምን?

በሩ ሲከፈት

አንደኛው ምክንያት ከላይ "ያዙት" ያልናችሁ የወንበር ጉዳይ ነው፡፡ ሴንት ሉዊስ ሲሸነፍም አዳራሹ ይሞላል፡፡ አሮውስ እያሸነፈ አዳራሹን የሚሞላበት ምሽት ጥቂት ነበር፡፡ የሎንግ አይላንድ ሰው በክረምት ለሆኪው ከፍሏል፤ በበጋ ኳስ ካማረው ወንዙን ተሻግሮ ኒው ጀርሲ ኮስሞስን ያያል፡፡ አሮውስ የቀረው ከሁለቱ የተረፈው ኪስ ነው፡፡ ዋንጫ ደግሞ ደመወዝ ያስጨምራል፡፡ የሚያሸንፍ ቡድን ውድ ነው፤ ውድ ቡድን ባዶ ወንበር አይችልም፡፡

ሁለተኛውን ምክንያት ለማየት ግን የዙንጉልን ልደት እንቁጠር፡፡ በ1954 የተወለደ ሰው 28 ዓመት የሚሞላው መቼ ነው? በ1982 ነው፡፡ አራተኛው ዋንጫ የተበላበት ዓመት!

ይህን ስናሰላ ለጥቂት ጊዜ ዝም ተባባልን፡፡ የአሮውስ ንግሥና ዕድሜና ዙንጉል የተዘጋበት ዕድሜ አንድ ነው፡፡ በ1982 መጨረሻ በተጀመረው የውድድር ዘመን ከቤት ውጭ ይጫወቱ የነበሩ ሦስት ክለቦች፣ ሳን ዲያጎ፣ ቺካጎና ጎልደን ቤይ፣ ወደ ቤት ውስጡ ሊግ ገቡ፡፡ ዙንጉል በዚያው የውድድር ዘመን መካከል ለጎልደን ቤይ ተሸጠ፡፡ ጎልደን ቤይ ሁለቱንም ይጫወታል፤ በክረምት ጣሪያ ሥር፣ በበጋ ሰማይ ሥር፡፡ በ1983 ዙንጉል ከአራት ዓመት በላይ ቆይቶ ጣሪያ የሌለው ሜዳ ላይ ወጣ፡፡

ሲወጣ ምን ሆነ? እዚህ ላይ ተጠራጣሪዎች "የግድግዳ አጥቂ ነው፣ ሰፊ ሜዳ ላይ ይጠፋል" ብለው ነበር ብላችሁ ብትገምቱ አትሳሳቱም፤ እንዲህ ዓይነት ወሬ የትም ሀገር አይጠፋም፡፡ በ1984 ዙንጉል በሰሜን አሜሪካ ሊግ የጎልና የነጥብ ቀዳሚ ሆኖ የዓመቱ ኮከብ ተጫዋች ተባለ፡፡ 30ኛ ዓመቱን በያዘበት ዓመት! ይሄ ሰው ከ24 እስከ 28 ዓመቱ በሰፊው ሜዳ ላይ ቢሆን ኖሮ ምን ይሠራ ነበር? ይህንን ማንም አያውቅም፡፡ ፌዴሬሽኑ የወሰደበትም ይህንኑ ነው፡፡

አሮውስስ? በ1983 ዋንጫው ለመጀመሪያ ጊዜ ከሎንግ አይላንድ ወጥቶ ሳን ዲያጎ ሄደ፡፡ ቡድኑ ለአንድ ተጨማሪ የውድድር ዘመን ተንገዳገደ፡፡ በ1984 ክረምቱ ሲያልቅ ዕዳው ገዘፈ፣ ገዢ አልተገኘም፣ ተዘጋ፡፡ አራት ዋንጫ የበላው ቡድን ያለ አንድ የስንብት ጨዋታ ጠፋ፡፡

ከአሮውስ በኋላ

"ንጉሥ ይሞታል፣ ዙፋን ግን ባዶ አይቀርም" ብሎ የሚያስብ ሰው ኒው ዮርክን ይመልከት፡፡ አሮውስ በሞተበት ዓመት ኮስሞስ ራሱ ወደ ቤት ውስጡ ሊግ ገባ፡፡ የፔሌና የቤከንባወር ኮስሞስ፣ ከ40 ሺህ በላይ ሰው ይሰበስብ የነበረው ኮስሞስ! ተመልካች አጥቶ የ1984-85ን የውድድር ዘመን ሳይጨርስ በየካቲት 1985 አቋርጦ ወጣ፡፡ በዚያው ሰሞን ከቤት ውጭ ያለው ሊግም ፈረሰ፡፡

በ1986 ደግሞ ኒው ዮርክ ኤክስፕረስ የሚባል ቡድን በዚያው በናሳው ኮሊሲየም ተቋቋመ፡፡ ከመሥራቾቹ አንዱ የድሮው የአሮውስ በረኛ ሼፕ ሜሲንግ ነበር፡፡ ሰውየው ያን ቤት ረስቶት አልተኛም ማለት ነው፡፡ ኤክስፕረስ 26 ጨዋታ ተጫውቶ 3ቱን ብቻ አሸነፈ፤ በየካቲት 1987 የውድድር ዘመኑ ሳያልቅ ተዘጋ፡፡ ከዚያ በኋላ ያ ሊግ ኒው ዮርክን ደግሞ አልሞከራትም፡፡ ሊጉ ራሱ በ1992 ከሰመ፤ ዕድሜው 14 ዓመት ነበር፡፡

ዙንጉል ግን ቀጠለ፡፡ ወደ ሳን ዲያጎ፣ ከዚያ ወደ ታኮማ፣ ከዚያ መልሶ ወደ ሳን ዲያጎ ሄደ፡፡ አሁን በሩ ክፍት ነው፤ ቢሆንም አብዛኛውን ጊዜውን ያሳለፈው እዚያው ጣሪያ ሥር ነው፡፡ በ1985ና በ1986 ደግሞ ኮከብ ተጫዋች ተባለ፤ በድምሩ ስድስት ጊዜ፡፡ በሊጉ ያገባው ጎል 652 ደረሰ፡፡ የአሜሪካ ብሔራዊ የእግር ኳስ የክብር አዳራሽ ስሙን ያስገባው በ2023 ነው፡፡ 1978ን ከ2023 ቀንሱ፤ 45 ዓመት ነው፡፡ አንድ ሰው ሮጦ ከመጣበት ቀን ጀምሮ "አንተም የኛ የኳስ ታሪክ ነህ" እስኪባል ድረስ ያለፈው ጊዜ ነው፡፡

እኛ ምን እንላለን?

አንባቢ "ታዲያ ይሄ ሁሉ ለኛ ምናችን ነው?" ይል ይሆናል፡፡ ጥያቄው ተገቢ ነው፡፡ እኛም ተጠያይቀናል፤ ተከራክረናልም፡፡

አንዳችን እንዲህ አለ፤ "ይሄ የነጋዴ ኳስ ነው፡፡ በገንዘብ መጣ፣ በገንዘብ ሄደ፡፡ ሕዝብ የሌለው ቡድን ቢሞት ምን ይደንቃል?" ልክ ነው፡፡ ሴንት ሉዊስ ሁለት ጊዜ በአሮውስ ተሸንፎ ከአሮውስ በላይ ዕድሜ ኖረ፤ ምክንያቱም ከተማው "ልጆቼ" ይለው ነበር፡፡ አሮውስን "ልጄ" ያለው ሰፈር አልነበረም፡፡ ዋንጫ ቡድንን አያኖርም፤ ቡድንን የሚያኖረው ሲሸነፍም የሚመጣ ሰው ነው፡፡ የሞተበትን ቡድን እያስታወሰ የሚቆጭ የእናንተ ሰፈር ሽማግሌ ካለ ይህንን ከኛ በላይ ያስረዳችኋል፡፡

ሌላዋ ግን አልተስማማችም፡፡ "እናንተ ስለ ወንበሩ ታወራላችሁ፣ እኔ ስለ ሰውየው ነው የማስበው" አለች፡፡ "አንድ ፌዴሬሽን አንድን ወጣት 'እስከ 28 ዓመትህ የኔ ነህ' አለው፡፡ ዓለም ሁሉ እሺ አለ፡፡ እሺ ያላለው አንድ የነጋዴ ሊግ ብቻ ነው፡፡ ነጋዴው ለትርፍ ብሎ ነው፤ ይሁን፡፡ ግን ያ አዳራሽ ባይኖር ሰውየው ወይ አንገቱን ደፍቶ ይመለስ ነበር፣ ወይ ኳሱን ይሰቅል ነበር፡፡" እውነት ነው፡፡ ትልልቆቹ ተቋማት ሕጉን ሲያስከብሩ፣ መጠጊያ የሰጠው ማንም ከቁም ነገር ያልቆጠረው፣ በቀይ ኳስ የሚጫወት፣ እንደ ሰርከስ የሚታይ ሊግ ነበር፡፡

ሁለቱም ልክ ናቸው ብለን ብንቋጨው ሽሽት ይሆንብናል፡፡ ስለዚህ የኛን እንበል፡፡ አሮውስ የሞተው መጥፎ ቡድን ስለነበር አይደለም፤ ታላቅነቱ በተበደረው ነገር ላይ ስለቆመ ነው፡፡ አዳራሹ የሆኪው ነው፣ ተጫዋቹ የላንሰርሱ ነው፣ ኮከቡ ደግሞ የእገዳው ነው፡፡ ሌላ ሰው በዘጋው በር የከበረ ቤት፣ በሩ በተከፈተ ቀን ባዶ ይሆናል፡፡ በሩ መከፈት አልነበረበትም ማለታችን ግን አይደለም፡፡ ከአራት ዋንጫና ከአንድ ሰው ነጻነት ምረጡ ብንባል ዋንጫው ይቅር እንላለን፡፡ የቡድኑ መሞት የሚያሳዝነን፣ የሰውየው መውጣት የሚያስደስተን በአንድ ጊዜ ነው፤ ታሪክ ብዙ ጊዜ እንዲህ ያለ ሒሳብ ነው የሚያቀርበው፡፡

ጨዋታው እንኳ ሙሉ በሙሉ አልሞተም፡፡ በሰሜን አሜሪካ የምትኖሩ ወገኖቻችን በብርዱ ወራት ሥራ ውላችሁ ማታ ግድግዳ በተከበበ ሜዳ ላይ ኳስ ስትራገጡ፣ ያ አጥር እዚያ የቆመው ያለ ምክንያት እንዳልሆነ አሁን ታውቃላችሁ፡፡ ኳሷ አጥሩን ገጭታ እግራችሁ ላይ ስትመለስ፣ አንድ ጊዜ ከዚያ አጥር ሌላ ጓደኛ ያልነበረውን የስፕሊቱን ልጅ አስታውሱት፡፡

እኛ ደግሞ በሚቀጥለው ስንገናኝ ማኪያቶውን የሚከፍለው "ኮስሞስ!" ያለው ጓደኛችን ነው፡፡ ተስማምተናል፡፡

ቸር ይግጠመን!